የአምባሳደሩና የደራሲው የሐዲስ ዓለማየሁ የሕይወት ታሪክ

ከትምህርት ቤታችን በር ወጥቶ ወደ አራዳ የሚሄድ ተማሪ የራስ መኮንንን ድልድይ ሳይሻገር አያልፍም። ድልድዩ ስማቸውን የተሸከመላቸው ራስ መኮንን የሐረር ገዥና የዓድዋ ጀግና እንደ ነበሩ ሁላችንም በታሪክ ትምህርት ተምረናል፤ የመንግሥት መልእክተኛም እንደ ነበሩ የምናስታውስ ግን ጥቂቶች ነን። በ1881 ዓ.ም. መጨረሻ ወደ ኢጣልያ፣ በ1894 ዓ.ም. ደግሞ ለንጉሥ ኤድዋርድ 7ኛ የዘውድ በዓል ወደ ሎንዶን ተልከው ነበር። ልጃቸው ተፈሪ መኮንን አልጋ ወራሽ ሳሉ በ1917 ዓ.ም. በስማቸው የሚጠራ ትምህርት ቤት በአዲስ አበባ አቆሙ። በዚያ ትምህርት ቤት ከተማሩት የባላገር ልጆች አንዱ፣ ራስ መኮንን ለዘውድ በዓል በሄዱበት በሎንዶን ከተማ፣ ከ60 ዓመት ገደማ በኋላ የኢትዮጵያ አምባሳደር ሆኖ ተቀመጠ። በዚህ መጽሔት ታሪካቸውን ልንጽፍ የመረጥነው ሰው እርሳቸው፣ ክቡር ሐዲስ ዓለማየሁ ናቸው።

ሐዲስ ዓለማየሁን ሰው ሁሉ የሚያውቃቸው «ፍቅር እስከ መቃብር» በተባለው መጽሐፋቸው ነው። ከእኛ ዕድሜ ተማሪዎች መካከል መጽሐፉን ከዳር እስከ ዳር ያነበበው ምን ያህል እንደ ሆነ ባንመረምር ይሻላል፤ የበዛብህንና የሰብለ ወንጌልን ስም፣ የጉዱ ካሣንም ነገር ያልሰማ ግን የለም። የሆነ ሆኖ ደራሲው አብዛኛውን የሥራ ዘመናቸውን ያሳለፉት ልብ ወለድ በመጻፍ ሳይሆን በቆንሲልነት፣ በሌጋሲዮን ጸሐፊነት፣ በሚኒስትርነትና በአምባሳደርነት ነው። ቀን ቀን የመንግሥቱን ቃል በጥንቃቄ ሲመዝን የሚውል ሰው፣ ያው መንግሥት የቆመበትን ሥርዓት እስከ ሥሩ የሚመረምር መጽሐፍ እንዴት ሊጽፍ ቻለ? የሚያስመሰግነው ነው ወይስ የሚያስወቅሰው? እኛን ያሳሰበን ይህ ነው። (ዘመኑን ሁሉ የጻፍነው በኢትዮጵያ አቆጣጠር ነው።)

ሐዲስ ዓለማየሁ በ1902 ዓ.ም. በጎጃም፣ በደብረ ማርቆስ አውራጃ፣ በጎዛምን ወረዳ፣ በአንዲት የኪዳነ ምሕረት አጥቢያ ተወለዱ። አባታቸው ቄስ ዓለማየሁ ሰሎሞን፣ እናታቸው ወይዘሮ ደስታ ዓለሙ ይባላሉ። በዚያን ዘመን የካህን ልጅ መንገዱ የታወቀ ነው፤ ፊደል ይቈጥራል፣ ዳዊት ይደግማል፣ ከዚያም ዜማና ቅኔ ፍለጋ ከደብር ደብር ይዞራል። ሐዲስም በደብረ ኤልያስ፣ በደብረ ወርቅና በዲማ ጊዮርጊስ ተማሩ። እነዚህ ሦስቱ በጎጃም ሊቃውንት ዘንድ ስማቸው ከፍ ብሎ የሚጠራ ደብሮች ናቸው።

የቆሎ ተማሪ ኑሮ ለእኛ ለከተማ ልጆች ተረት ይመስለናል። ተማሪው ገና በልጅነቱ ከወላጆቹ ቤት ይወጣል። ደበሎውን ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንግቶ፣ በየደጁ በእንተ ስማ ለማርያም እያለ ቁራሽ ይለምናል። ያገኘውንም ከጓደኞቹ ጋር ተካፍሎ ይበላል፤ ያጣ ቀን ጦሙን ያድራል። ውሻ የነከሰው እግሩ ሳይሽር፣ በጎጆው ውስጥ ብርዱ እያንቀጠቀጠው፣ መምህሩ የሰጡትን ሲያወጣና ሲያወርድ ያድራል። ደብተር የለም፤ ነገር ሁሉ በቃል ይያዛል። ቅኔ ቤት የገባ እንደ ሆነ ደግሞ በየቀኑ የራሱን አዲስ ቅኔ ቈጥሮ በመምህሩ ፊት ማቅረብ አለበት፤ የትናንቱን መድገም፣ የሌላውንም መስረቅ አይቻልም። እዚህ ላይ ትንሽ ቆም ማለት ያስፈልጋል። ቅኔ ሰምና ወርቅ አለው፤ በላይ የሚታየው ቃል አንድ ነገር ሲናገር፣ በውስጡ የተሰወረው ሌላ ነገር ይናገራል። ሰሙን ብቻ የሰማ ደስ ብሎት ይሄዳል፤ ወርቁን ያገኘ ግን ይደነግጣል። አንድ ልጅ ይህን ትምህርት ለዓመታት ተምሮ ሲያድግ፣ ንግግርን መመዘን፣ ሳይዋሹም ሁሉን ሳይናገሩ መዋል ምን እንደ ሆነ ዐውቆ ያድጋል። ለዲፕሎማት የሚሆን ትምህርት ቤት ይፈለግ ቢባል ከዲማ የተሻለ ይገኛል ብለን አናምንም።

ከዚያ በኋላ ሐዲስ ወደ አዲስ አበባ መጡ። መጀመሪያ በስዊድን ሚሲዮን ትምህርት ቤት፣ ቀጥሎም በተፈሪ መኮንን ትምህርት ቤት ገቡ። እኛም የሚሲዮን ትምህርት ቤት ልጆች በመሆናችን ይህን ባነበብን ጊዜ ደስ ብሎናል፤ ነገር ግን ከደስታው ይልቅ የሚያስገርመን የቅኔ ተማሪው በዘመናዊው ክፍል ውስጥ ተቀምጦ የውጭ አገር ቋንቋና ሒሳብ ሲጀምር የተሰማው ስሜት ምን ሊሆን እንደሚችል ነው። ዕድሜው የደረሰ፣ በአገሩ ተማረ የተባለ ወጣት፣ እንደ ሕፃን ከአንድ መጀመር ነበረበት። ገና በትምህርት ላይ ሳሉ ተውኔት ጽፈው በመድረክ እንዲታይ አድርገዋል፤ ስለዚህ የመጻፍ ፍላጎታቸው በሽምግልና የመጣ አይደለም። ትምህርታቸውንም ሲጨርሱ ወደ ጎጃም ተመልሰው በማስተማር ሥራ ላይ ተሰማሩ። ያን ጊዜ የጎጃም ገዥ ራስ እምሩ ኃይለ ሥላሴ ነበሩ።

በ1928 ዓ.ም. የፋሺስት ኢጣልያ ጦር መረብን ተሻግሮ አገራችንን ወረረ። ራስ እምሩ የጎጃምን ሠራዊት ይዘው ወደ ሰሜን ዘመቱ፤ ሐዲስም አብረው ዘመቱ። ከጎጃም እስከ ሽሬ ያለው መንገድ በእግር የሳምንታት መንገድ ነው፤ ሰማዩም የጠላት ነበረ። በታኅሣሥ ወር የራስ እምሩ ጦር ተከዜን ተሻግሮ በደምበጊና ጠላትን ድል ነሣ፤ ታንኮቹንም ማረከ። ይህን ድል ከመማሪያ መጻሕፍታችን ውስጥ ብዙ ጊዜ አናገኘውም። ድሉ ግን አልጸናም። አውሮፕላኖቹ የመርዝ ጋዝ ይጥሉ ጀመር፤ የሰዉና የከብቱ ቆዳ እየተላጠ፣ ዓይን እየጠፋ፣ ውሃው እየተበከለ ሠራዊቱ ተጎዳ። በየካቲት መጨረሻ የሽሬ ጦርነት ተደርጎ የራስ እምሩ ጦር ተበተነ። ኢጣልያ ይህን መርዝ በጦርነት እንዳይሠራበት በ1917 ዓ.ም. በዤኔቭ የተደረገውን ውል የፈረመች አገር ነበረች፤ ኢትዮጵያም ከ1916 ዓ.ም. ጀምሮ የመንግሥታት ማኅበር አባል ነበረች። ውሉም ማኅበሩም በተከዜ ዳር ላሉት ወታደሮች አልደረሱላቸውም። ይህን ነገር አንባቢው እንዲይዝልን እንለምናለን፤ በኋላ ይመጣልና።

ንጉሠ ነገሥቱ ወደ ውጭ ከሄዱ በኋላ ራስ እምሩ ወደ ምዕራብ ወርደው በጎሬና በወለጋ አካባቢ ትግሉን ቀጠሉ፤ የጥቁር አንበሳ ማኅበር የተባሉት የተማሩ ወጣቶችም ከእርሳቸው ጋር ተባበሩ። በታኅሣሥ 1929 ዓ.ም. ራስ እምሩ በጎጀብ ወንዝ አጠገብ ተከበው እጃቸውን ለመስጠት ተገደዱ። ሐዲስም ተማርከው ወደ ኢጣልያ ከተወሰዱት ኢትዮጵያውያን መካከል ሆኑ። ከዚያ ሁለት ወር ገደማ በኋላ፣ በየካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ተወረወረ፤ በአዲስ አበባም ጭፍጨፋው ተጀመረ፤ ትምህርት ቀምሰዋል የተባሉ ወጣቶች እየተለቀሙ ተገደሉ። ምርኮኝነት ክፉ ነው፤ ነገር ግን እርሳቸውን ለእኛ ያቆየልን ምርኮው ነው ብንል የደፈርን አይመስለንም። በዚያ ዓመት ከሞቱት መካከል ስንት ያልተጻፈ መጽሐፍ እንደ ሞተ ማን ያውቃል።

ሐዲስ በፖንዛና በሊፓሪ ደሴቶች ታሰሩ። ሁለቱም ደሴቶች ፋሺስቶች የራሳቸውን ወገን ተቃዋሚዎች ጭምር የሚያግዙባቸው፣ ባሕር እንደ አጥር የከበባቸው ቦታዎች ናቸው። ስለ ፖንዛ አንድ የታወቀ ነገር አለ፤ ሳንጠቅሰው ብናልፍ ይቈጨናል። በ1935 ዓ.ም. በሐምሌ ወር ሙሶሊኒ ከሥልጣኑ በተሻረ ጊዜ የገዛ አገሩ መንግሥት ይዞ ያሰረው በዚያው በፖንዛ ሲሆን፣ ያሳደሩትም ራስ እምሩ ታስረውበት በነበረው ቤት ነው። ሐዲስና ሌሎቹ እስረኞች ነጻ የወጡት በዚያው ዓመት፣ የተባበሩት መንግሥታት ጦር ደቡብ ኢጣልያን በያዘ ጊዜ ነው። በ27 ዓመታቸው የተማረኩት መምህር ወደ አገራቸው ሲመለሱ ከ30 ዓመት አልፏቸው ነበር። የወጣትነት ዕድሜ የሚባለው በደሴት ላይ አለቀ።

እንግዲህ የዲፕሎማትነቱ ዘመን ከዚህ ይጀምራል። ሐዲስ በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ገቡ፤ በ1937 ዓ.ም. በኢየሩሳሌም የኢትዮጵያ ቆንሲል ሆነው ተሾሙ። ኢየሩሳሌም ያን ጊዜ በእንግሊዝ አስተዳደር ሥር ሆና በአይሁድና በዓረቦች ጠብ የምትናወጥ ከተማ ነበረች፤ በዚያም የእኛ ገዳማትና መነኮሳት አሉ፤ ለቆንሲሉ ሥራ አያንሰውም። ከዚያ ከ1938 እስከ 1942 ዓ.ም. በዋሽንግተን በኢትዮጵያ ሌጋሲዮን አገለገሉ። ወደ አዲስ አበባ ተመልሰውም በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር በከፍተኛ ሹመት ሠሩ። ለብዙ ዓመት የሚኒስቴሩ የበላይ የነበሩት አክሊሉ ሀብተ ወልድ ናቸው። የእነዚህን ዓመታት ዝርዝር በማብዛት አንባቢውን አናሰለችም። የመሥሪያ ቤት ሥራ ማለት ደብዳቤ፣ ጉባኤ፣ ግብር፣ እንደገና ደብዳቤ ነው።

በ1948 ዓ.ም. ሁለት ነገር ሆነ። አንደኛው፣ «ተረት ተረት የመሠረት» የተባለው የመጀመሪያ መጽሐፋቸው ታተመ። ይህ መጽሐፍ ለልጆች የሚሆን የተረት መጽሐፍ ነው። ብዙ ሰው ከትልቁ መጽሐፍ አስበልጦ አይቶት አያውቅም፤ እኛ ግን የደራሲው ጠባይ በእርሱ ይታያል እንላለን። ከዋሽንግተን የመጣ፣ የመኳንንት ግብዣ የለመደ ባለሥልጣን፣ ብዕሩን ባነሣ ጊዜ መጀመሪያ የጻፈው ሽማግሌዎች በእሳት ዳር ለልጆች የሚያወሩትን ነው። ሁለተኛው ነገር፣ በዚያው ዘመን በኒው ዮርክ በተባበሩት መንግሥታት ድርጅት የኢትዮጵያ መልእክተኛ ሆነው መሾማቸው ነው፤ በዚያም እስከ 1952 ዓ.ም. ቆዩ።

ከላይ አንባቢው እንዲይዝልን የለመንነው ነገር ይህን ጊዜ ይመጣል። የተባበሩት መንግሥታት ድርጅት የቆመው የቀድሞው የመንግሥታት ማኅበር ሳይሆንለት ቀርቶ በፈረሰው ቦታ ላይ ነው፤ ማኅበሩንም ካፈረሱት ነገሮች አንዱ የኢትዮጵያ መወረር ነው። በሽሬ ግንባር ማኅበሩ ያላዳነው ወታደር፣ 20 ዓመት ሲሞላው በአዲሱ ድርጅት አዳራሽ ውስጥ የአገሩ ስም በተጻፈበት ወንበር ላይ ተቀመጠ። ያን ጊዜ በአዳራሹ ውስጥ ያሉት ነጻ የአፍሪካ አገሮች በጣት የሚቈጠሩ ነበሩ። በ1949 ዓ.ም. ጋና ነጻ ወጣች፤ ከዚያ ሌሎቹ ተከታተሉ። በዚህ ወንበር ላይ ሲቀመጡ በልባቸው ምን ያስቡ እንደ ነበር መገመት የአንባቢው ፈንታ ነው፤ እኛ ግን በውል ላይ ብቻ መታመን እንደማይገባ ከማንም ይልቅ ያውቁ ነበር ብለን እናስባለን።

በ1952 ዓ.ም. የትምህርት ሚኒስትር ሆኑ፤ ነገር ግን በዚህ ቦታ ብዙ አልቆዩም። ቀጥሎ በእንግሊዝና በኔዘርላንድ አምባሳደር ሆነው ሎንዶን ተቀመጡ። በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የመንግሥት ግልበጣ ተሞክሮ ከሸፈ፤ ከዚያ ወዲህ ግን ስለ መሬት፣ ስለ ጭሰኛ፣ ስለ መኳንንት የሚነሣው ጥያቄ ሊዳፈን አልቻለም። ሐዲስ ከአገር ርቀው ይህን ሲሰሙ ነበር። «ፍቅር እስከ መቃብር» የታተመው በ1958 ዓ.ም. ነውና፣ ከቀኑ ተነሥተን ብዙው ድካም በአምባሳደርነታቸው ዓመታት እንደ ወደቀ ብንገምት አንሳሳትም። በሎንዶን ጭጋግ ውስጥ ተቀምጠው የማንኩሳን መስክ፣ የዲማን ቅኔ ቤት፣ የገበሬውን ጎጆ አዩ። እኛ ድልድያችንን በየቀኑ ስለምንሻገረው አናየውም፤ ሩቅ የሄደ ሰው ግን ያየዋል። ጎጃምም ለሐዲስ እንዲሁ የሆነች ይመስለናል።

ታሪኩን በአጭሩ ለማያውቅ እንናገር። በዛብህ ወላጆቹ ለቤተ ክርስቲያን የተሳሉት የደሀ ገበሬ ልጅ ነው። ቅኔ ተምሮ ሊቅ ይሆናል፤ በፊታውራሪ መሸሻ ቤት ልጃቸውን ሰብለ ወንጌልን እንዲያስተምር ይገባል። ፊታውራሪው ለዘራችን የሚመጥን ባል አልተገኘም እያሉ የልጃቸውን የጋብቻ ዕድሜ ያሳለፉባት ናቸው። አስተማሪውና ተማሪዋ ይዋደዳሉ። ጉዱ ካሣ የሚሉት የቤቱ ዘመድ ደግሞ የሥርዓቱን ጉድለት በግልጽ ስለሚናገር ሰው እንደ ዕብድ የሚቈጥረው ሰው ነው። በሌላ በኩል በአበጀ በለው የሚመሩት ገበሬዎች ከተለመደው ግብር በላይ አንከፍልም ብለው በፊታውራሪው ላይ ይነሣሉ። ፍጻሜውን ላላነበበ ሰው አንነግርም፤ ርእሱ ራሱ ከሚገባው በላይ ተናግሯል።

የበዛብህን የተማሪነት ኑሮ ያነበበ ሰው ጸሐፊው ይህን ከሌላ ሰው እንዳልሰማው ወዲያው ያውቃል። ረኃቡ፣ ውሾቹ፣ የመምህሩ ቁጣ፣ ከጓደኛ ጋር የሚካፈሉት ቁራሽ፣ ሁሉም የደበሎው ዘመን ነው። በመጽሐፉ ውስጥ ስለ ፊደልም አንድ የሚያስደንቅ ነገር እናገኛለን። ሐዲስ ድምፃቸው አንድ የሆነ ፊደሎች መብዛታቸው አያስፈልግም ብለው ስለሚያምኑ፣ በአንዱ ብቻ ይጽፉ ነበር፤ የራሳቸውንም ስም በሃሌታው «ሀ» እና በአልፋው «አ» ጻፉት። እኛ በአማርኛ ፈተና ላይ እንደዚህ ብንጽፍ ነጥባችን እንደሚቀነስ ስለምናውቅ፣ በዚህ ጽሑፍ ስማቸውን በቀድሞው አጻጻፍ ጽፈነዋል፤ መምህራችንም እንዳይቀየሙን ደራሲውም እንዳይቀየሙን እንለምናለን።

አሁን ወደ ጥያቄያችን እንመለስ። ይህን መጽሐፍ የጻፉት ሰው የንጉሠ ነገሥቱ አምባሳደር ነበሩ። መጽሐፉም የሚመረምረው የዘር ኩራትን፣ የጉልተኛውን ግፍ፣ ልማድን እንደ ሕግ የሚጠብቁ ካህናትንና መኳንንትን ነው። ከጓደኞቻችን መካከል ይህን ነገር ሲያነሡ፣ ሥርዓቱ ክፉ መሆኑን ካወቁ ለምን አገለገሉት የሚሉ አሉ። ጥያቄው ቀላል አይደለም። ሹመታቸውን ጥለው ቢወጡ ይከበሩ ነበር፤ ነገር ግን ያን ጊዜ መጽሐፉ ይታተም ነበር ወይ? ሳንሱር የሚሉት ነገር በዚያን ዘመን ብርቱ ነበር። የጎጃሙ ተወላጅ አቤ ጉበኛ በ1955 ዓ.ም. ያወጡት «አልወለድም» ታግዷል። «ፍቅር እስከ መቃብር» ግን አለፈ። ምክንያቱን እኛ እንዲህ እንገምታለን። ታሪኩ የተጻፈው እንደ ቀድሞ ዘመን ታሪክ ነው፤ ጸሐፊውም የተከበሩ ባለሥልጣን ናቸው፤ ከሁሉ በላይ ግን በላይ የሚታየው የሁለት ልጆች ፍቅር ነው። ፍቅሩ ሰም፣ ሌላው ወርቅ። የዲማው ተማሪ የተማረውን አልረሳም።

ይህን ስንል ነገሩን ሁሉ አጸደቅነው ማለት አይደለም። አበጀ በለውንና ባልንጀሮቹን የሚመስሉ ጭሰኞች መጽሐፉ ሲታተም በሕይወት ነበሩ፤ ግብራቸውንም ይከፍሉ ነበር፤ ብዙዎቹም ማንበብ አይችሉም ነበር። አምባሳደሩ ለእነርሱ ከዚህ የበለጠ ሊያደርጉ ይችሉ ነበር ብሎ የሚከራከር ሰው ቢኖር አፉን ለመዝጋት የሚበቃ መልስ የለንም። ብቻ ሌሎች ብዙ ሹማምንት ያንኑ አይተው ዝም ብለው እንዳለፉ እናውቃለን።

ከሎንዶን እንደ ተመለሱ የፕላንና ልማት ሚኒስትር ሆኑ፤ ከ1960 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ በሕግ መወሰኛ ምክር ቤት አባልነት ተቀመጡ። በ1966 ዓ.ም. አገሪቱ በተናወጠች ጊዜ ኢትዮጵያ ምን ዓይነት አስተዳደር እንደሚያስፈልጋት የሚጠይቅ ጽሑፍ አሳተሙ። በዚህ ጊዜ ሰምና ወርቅ አልፈለጉም፤ ነገሩን በግልጹ ተናገሩ።

አብዮቱ መጣ። በኅዳር 14 ቀን 1967 ዓ.ም. ሌሊት ደርግ 60 የሚያህሉ ሰዎችን ያለ ፍርድ ረሸነ፤ ከእነርሱም መካከል የውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር አለቃቸው የነበሩት አክሊሉ ሀብተ ወልድ ነበሩ። ሐዲስ አልተነኩም። እንዲያውም በአብዮቱ ዘመን ጠቅላይ ሚኒስትር እንዲሆኑ ተጠይቀው እንዳልተቀበሉ በሰፊው ይነገራል። እስቲ ነገሩን እናስበው። ከዚያ ቀደም ያለውን ሥርዓት የሚወቅስ መጽሐፍ የጻፉ ሰው ናቸው፤ አዲሱ መንግሥት ደግሞ ያን ሥርዓት ጠላቴ ነው ይላል። በሩ ወለል ብሎ ተከፍቶላቸዋል። ጠቅላይ ሚኒስትርነት ደግሞ ለማንም በየቀኑ የሚሰጥ ነገር አይደለም። ከ30 ዓመት አገልግሎት በኋላ ሥልጣን ምን እንደ ሆነ ያውቁ ነበርና እምቢ ማለትን መረጡ፤ ቤታቸው ተቀምጠው ጻፉ። ከሹመታቸው ሁሉ ይልቅ ይህ ያልተቀበሉት ሹመት ትልቅ ሆኖ ይታየናል።

በዚያው በደርግ ዘመን መጽሐፉ ማንበብ የማይችለውም ሰው ዘንድ ደረሰ። ወጋየሁ ንጋቱ የተባለው ታላቅ ተዋናይ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን በኢትዮጵያ ሬዲዮ ተረከው። ወላጆቻችን እንደሚነግሩን ትረካው በሚተላለፍበት ሰዓት ሬዲዮ ያለው ቤት ጎረቤቱ ሁሉ ይሰበሰብበት ነበር፤ አያቶቻችንም ለሰብለ ወንጌል እንደ ገዛ ልጃቸው ያለቅሱ ነበር። ዛሬም በወጋየሁ ድምፅ ካልሆነ ጉዱ ካሣን ማሰብ የማይችሉ ብዙዎች ናቸው። አንድ መጽሐፍ በአገራችን እንደዚህ ከገጽ ወጥቶ በሰው ጆሮ ውስጥ ሲኖር ሌላ ምሳሌ አናውቅም።

ከዚያ ወዲያ ሐዲስ ሁለት ልብ ወለዶች ጨመሩ፤ «ወንጀለኛው ዳኛ» በ1974 ዓ.ም.፣ «የልምዣት» በ1980 ዓ.ም. ታተሙ። ሁለቱም የመጀመሪያውን ያህል ስም አላገኙም፤ ወንድማቸው እጅግ ስለ ረዘመ የእነርሱ ቁመት አልታየም። በ1985 ዓ.ም. የወጣው «ትዝታ» ግን የተለየ ነው። በእርሱ ውስጥ ደራሲው ስለ ጦርነቱና ስለ ምርኮው ጻፉ። ከሽሬ ዘመቻ እስከ መጽሐፉ መውጣት 57 ዓመት ነው። እኛ በልጅነታችን ያየነውን ክፉ ነገር በማግሥቱ ለሰው ሁሉ ካላወራን እንቅልፍ አይወስደንም፤ እርሳቸው ግን ያን ሁሉ ይዘው ስንት ግብዣ ላይ ተቀመጡ፣ ስንት የኢጣልያ መልእክተኛ እጅ ጨበጡ!

የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የክብር ዶክተርነት ሰጥቷቸዋል። በትውልድ አገራቸውም በደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ የባህል ጥናት ተቋም በስማቸው ተሰይሟል።

ክቡር ዶክተር ሐዲስ ዓለማየሁ በኅዳር 26 ቀን 1996 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው ዐረፉ። እኛ ያን ጊዜ ገና አልተወለድንም። ዛሬ በራስ መኮንን ድልድይ ተሻግሮ ፒያሳ የሚወጣ ተማሪ ወላጆቹ ያውቋቸው ከነበሩት አሮጌ ቤቶች ብዙዎቹን አያገኝም፤ ከ2016 ዓ.ም. ጀምሮ ፈርሰው መንገዱ ሰፍቷል። መጽሐፉን ግን በመጻሕፍት ሻጮች ዘንድ አላጣነውም። በትምህርት ቤታችን ቤተ መጻሕፍት ያለውም ቅጂ ጀርባው ተገንጥሎ ሁለት ጊዜ ተሰፍቷል፤ የሚፈልገው ተማሪ ስሙን አስመዝግቦ ተራውን ይጠብቅ።